በር ተዘግቶ የተሠራ ሹሩባ

እሑድ፣ ጃንዋሪ 11

ቀኑን ሙሉ ዝናብ። ግራ እጄ በጄሶ ታስሮ አንገቴ ላይ ተንጠልጥሏል... ባለፈው ሳምንት የሕንጻችን ደረጃ ላይ ተንሸራትቼ ነው። ደግነቱ ቀኜ ተርፏል፣ መጻፍ እችላለሁ። መጻፍ ብቻ ነው የምችለው። ሽንኩርት መላጥ፣ አንሶላ ማንጠፍ፣ የጫማ ክር ማሰር... ሁሉም ሁለት እጅ እንደሚፈልግ እስከ ዛሬ ማን አስተዋለ?

አይናለም፣ የምጽፍለት መጽሔት አዘጋጅ፣ ደወለች። ስለ ሰርግ አዳራሾች የጻፍኩትን ለሚቀጥለው ወር አስተላልፋዋለች።

"የሻሽ፣ ሰው የሚያወራው ስለ ልጅሽ ፊልም ነው። እሱን ጻፊልኝ።"

"የልጄን ፊልም? እኔ?"

"ልጅሽ እንዳልሆነ አድርገሽ ጻፊዋ።"

እንዴት ነው እሱ የሚደረገው? ዘጠኝ ወር እንዳልተሸከምኩት፣ ካልሲውን እስከ ዛሬ እንደማላጥብለት አድርጌ...

ኦፌክ ፊልም ይማራል። እዚሁ እስራኤል፣ ገደራ ከተማ ከጓደኛው ከማታን ጋር ቤት ተከራይቶ ይኖራል። የሚሠራው አጭር ነገር ነው፤ "የሙከራ ፊልም" ይለዋል። ታሪክ የለውም፣ ንግግር የለውም። በመጨረሻ በሠራው ላይ ማታን፣ ያ ከሠራዊት በቅርቡ የወጣ ረጅም ጎረምሳ፣ በእናቱ ጀርባ ታዝሎ የገደራን መንገድ ያቋርጣል። በአንቀልባ። እናቲቱ ታለከልካለች፣ ማታን ወዲያ ወዲህ ያያል። አለቀ። ይኸው ነው። ስለ ወንድነት ነው አሉኝ።

ለመጽሔቱ ከደወሉት አንባቢዎች ግማሹ "አሳፋሪ ነው" ብሏል። ግማሹ ያሳሰበው የእናቲቱ ወገብ ነው። እኔ ከእነዚህኞቹ ነኝ።

ማክሰኞ፣ ጃንዋሪ 13

ልጄን ሲቫንን ሆስፒታል አስተኟት። እስክትወልድ ከአልጋ እንዳትወርድ። ባሏ ኢታይ በፈረቃ ነው የሚሠራው፣ ስለዚህ ትልቋ ልጃቸው ሊያን ከነሻንጣዋ ወደ እኛ መጣች። አምስት ዓመቷ። ጋኗ፣ መዋዕለ ሕፃናቷ፣ ያቭነ ነው፤ ባሌ ደባሱ በየጠዋቱ ከዚህ ከቂርያት ማላኪ በመኪና ሊያደርሳት ነው። ጡረታ ከወጣ ወዲህ ጠዋት የሚሄድበት ቦታ አልነበረውም። ደስ ብሎታል... እሱ ቢሞት አይናገርም እንጂ።

ችግሩ ጸጉሯ ነው። እንደ እናቷ ጥቅጥቅ ያለ፣ አንድ ቀን ካልተሠራ የሚተበተብ። በአንድ እጅ ሞከርኩ። እሷም አለቀሰች፣ እኔም ላለቅስ ምንም አልቀረኝ። ላይኛው ፎቅ ያለችው ውብዳር ገና ሳይነጋ ለጽዳት ሥራ ትወጣለች። ደባሱን አየሁት።

"እኔን ምን ታይኛለሽ?" አለ። "ወንድ ነኝ።"

ስንት ልጅ ወልጄለት፣ አሁን ነገረኝ።

ረቡዕ፣ ጃንዋሪ 14

ኮፍያ አድርጌላት ላክኋት። የጋኗ መምህር በስልክ የድምፅ መልእክት ላከች... ልጅቷን ብታበጥሯት ደስ ይለናል ትላለች። በጣም በትሕትና። በጣም በትሕትና የሚነገር ነገር እንዴት ያንገበግባል።

ኀሙስ፣ ጃንዋሪ 15

ኦፌክ መጣ። ሁለት ከረጢት ልብስ ይዞ። ስለ ወንድነት ዓለምን የሚጠይቀው ልጄ ሱሪውን እናቱ እንድታጥብለት ከገደራ በአውቶቡስ ያጓጉዛል። እጄ መታሰሩን ሲያይ በዕብራይስጡ "ውይ ኢማ"፣ ውይ እናቴ፣ አለና ከረጢቶቹን ማሽኑ አጠገብ አስቀመጠ።

እራት ላይ ተጀመረ። አባትና ልጅ ከማታን ፊልም ወዲህ አይነጋገሩም። የሚነጋገሩት በእኔ በኩል ነው። ሦስታችንም አንድ ጠረጴዛ ላይ፣ ጉልበታችን እየተነካካ።

"ኢማ፣ ለአባ ንገሪው። ለአዲሱ ፊልም የሽማግሌ እጅ እፈልጋለሁ። ሰው ፊት ሠርቶት የማያውቀውን ነገር የሚሠራ እጅ።"

"ለልጅሽ ንገሪው፣ ባልና ሚስት ሲጣሉ ለማስታረቅ የምጠራ ሰው ነኝ። በአንቀልባ የታዘለ ሽማግሌ ማን ይሰማዋል?"

"ማንም አይታዘልም በይው።"

"ታዲያ ምን ሊያደርጉኝ ነው በይው።"

"እኔ ስልክ ነኝ እንዴ?" አልኳቸው። ሁለቱም እንጀራቸው ላይ አቀረቀሩ። ሲያቀረቅሩ አንድ ዓይነት ናቸው፣ አይታወቃቸውም።

ኦፌክ ከዚያ ፊት ለፊታችን ያለው ሕንጻ የሚኖሩት አያ ጓዴ ጋ ሄደ። አያ ጓዴ የሰፈሩ ታላቅ ሽማግሌ ናቸው፣ ደባሱ ያለ እሳቸው ለሽምግልና አይወጣም። በዱላ ነው የመለሱት። "በእኛ አገር ወንድ ጓዳ አይገባም ነበር፣ ሂድና የማያፍር ሰው ፈልግ" ብለውታል።

እሑድ፣ ጃንዋሪ 18

ጠዋት ከመኝታ ቤት ስወጣ ሊያን ቦርሳዋን አዝላ በሩ ላይ ቆማለች። ጸጉሯ ተሠርቷል።

እንዲህ ያለ አሠራር ካየሁ ስንት ዘመኔ። መሃሉ እንደ ክር ቀጥ ብሎ ተከፍሏል። አልባሶው አንዱ ካንዱ ሳይበልጥ ወደ ኋላ ወርዶ ጫፉ ተቋጥሯል። አንድ ጸጉር አላፈነገጠም።

"ማነው የሠራሽ?"

"ሶድ" አለች፣ ጣቷን ከንፈሯ ላይ አድርጋ። ሚስጥር ነው ማለቷ ነው።

ደባሱን ጠየቅሁት። "የመኪናውን ቁልፍ አየሽው?" አለኝ። ቁልፉ እጁ ላይ ነበር።

ውብዳር ናት ብዬ አሳንሰሩ ውስጥ ሳገኛት አመሰገንኳት።

"እኔ? እኔ ስወጣ እናንተ ቤት መብራት መቼ በርቶ ያውቃል? የሚሠራ ሰው ካገኘሽ ግን ለእኔም ላኪልኝ። ሳሎኑ ዋጋ ጨምሯል።"

ማክሰኞ፣ ጃንዋሪ 20

ዛሬ ደግሞ ቀጭን ሹሩባ። እሑድ አልባሶ፣ ሰኞ በሁለት ተከፍሎ፣ ዛሬ ይኸው። እኔ የሻሽወርቅ፣ ማን ከማን ጋር እንደተኳረፈ ከአሽዶድ እስከ ያቭነ ቀድሜ የምሰማ ሴት፣ በገዛ ቤቴ ውስጥ የልጅ ጸጉር ማን እንደሚሠራ አላውቅም። ይህን አይናለም ብትሰማ ከሥራ ታባርረኛለች።

መድኃኒቱ ነው። ለእጄ የሰጡኝ ኪኒን እንደ ድንጋይ ያስተኛኛል።

ዓርብ፣ ጃንዋሪ 23

አወቅሁ።

ኦፌክ ትላንት ሳሎን አደረ። ጠዋት ደባሱና ሊያን ከሄዱ በኋላ ስልኩን ይዞ መጣ። "ኢማ፣ ቁጭ በይና እይው፣ ግን አትጩሂ።"

የኛ መታጠቢያ ቤት ነው። በሩ ገርበብ ብሎ ቀርቷል፣ በዚያ ስንጥቅ ነው የቀረጸው። ሊያን የተገለበጠ ባልዲ ላይ ተቀምጣለች። ከኋላዋ ሁለት እጅ። ፊት የለም፣ እጅ ብቻ። እጆቹ ይከፍላሉ፣ ይይዛሉ፣ ያዞራሉ... ሳይቸኩሉ፣ ሳያመነቱ። ልጅቷ ትንሽ ስትቁነጠነጥ እጆቹ ቆመው ይጠብቋታል።

የደባሱ እጆች።

"እያለቀስሽ ነው?" አለኝ ኦፌክ።

አላለቀስኩም። ንዴት ነው። ሲቫን ጸጉሯን ራሷ መያዝ እስክትችል ድረስ በየጠዋቱ ሠርቻታለሁ። ያኔ ፋብሪካ የሌሊት ፈረቃ ነበርኩ። ቀጥታ ከአውቶቡስ ወርጄ፣ ጫማዬን ሳላወልቅ፣ ቆሜ እያንቀላፋሁ። አንድ ቀን ግንባሬ ልጅቷ አናት ላይ አርፎ ተኝቼ ቀርቻለሁ። እሱ በሩ ላይ ቆሞ "ቶሎ በሉ እንጂ" ይል ነበር።

ቶሎ በሉ።

እንዲህ ያለ እጅ ይዞ።

ቅዳሜ፣ ጃንዋሪ 24

ሰንበት ወጣ። ጠየቅሁት።

"ማን አስተማረህ?"

"ምኑን?"

"ደባሱ።"

ቴሌቪዥኑን አጠፋ። ቴሌቪዥኑን ሲያጠፋ ነገሩ ትልቅ ነው።

"እናቴ አራስ ጎጆ ስትገባ" አለ።

ለእኔ ማስረዳት አላስፈለገውም። በእኛ አገር፣ በኢትዮጵያ ቤተ እስራኤሎች ዘንድ፣ ሴት ስትወልድ ከቤቱ ወጥታ ለብቻዋ ጎጆ ትቀመጥ ነበር፤ የወለደችው ሴት ከሆነች ደግሞ ሰማንያ ቀን። ምግቧን በድንጋዩ ክብ ማዶ ነው የሚያቀብሏት። እኔም እናቴን በድንጋዩ ማዶ አይቻታለሁ፣ እጇን ስታወዛውዝልኝ። ከድንጋዩ በዚህኛው በኩል፣ ቤት ውስጥ፣ ማን ምን እንደሚሠራ ግን... አስቤ አላውቅም። እውነት አስቤ አላውቅም።

"ቅርብ ዘመድ አልነበረንም። አባቴ በሩን ዘግቶ እህቴን ይሠራት ነበር። እኔ ሚዶ እይዝለት ነበር። በኋላ ዓይኑ ሲደክም ለእኔ ተወው። ስንጨርስ ሚዶውን ጣራው ላይ ሰክተን እንወጣለን። ማንም አይጠይቅም። ጎረቤትም እኮ በሩን ዘግቶ ነበር።"

"እዚህ ታዲያ ማን ከለከለህ? እዚህ ጎጆ የለ።"

ትንሽ አሰበ። ከልቡ ነው ያሰበው።

"ጎጆ ከሌለማ አንች ነበርሽ።"

ለእንዲህ ያለ ሰው ምን ይባላል? በየትኛው ቋንቋ?

ኦፌክ እንደቀረጸው ስነግረው ፊቱ ተለወጠ። "ያጥፋው በይው" ብሎ ወጣ። እንግዲህ አሁንም ስልክ ነኝ።

ማክሰኞ፣ ጃንዋሪ 27

ኦፌክ ደወለ። ኀሙስ ፌብሩዋሪ አምስት ያቭነ ማትናስ፣ የሕዝብ ማእከሉ፣ አዳራሽ የተማሪዎቹ ፊልም ይታያል። ካላቀረበ ዓመቱን ይደግማል። ሌላ ፊልም የለውም።

"አላጠፋውም ኢማ። ግን ያለ ፈቃዱ አላሳይም። ለምኝልኝ።"

"ራስህ ለምነው።"

"አያናግረኝማ።"

"አንተስ ታናግረዋለህ?"

ልብሱ ታጥቦ እንደሆነ ጠየቀኝ።

"ከረጢትህም ማሽኑ አጠገብ እንዳለ ነው" ብዬ ዘጋሁት።

ኀሙስ፣ ጃንዋሪ 29

ሊያን እያለቀሰች ተመለሰች። ጋን ውስጥ ኤላ የምትባል ልጅ "ማነው የሚሠራሽ?" ብላ ስትጨቀጭቃት ሶዱን አወጣችው። "ሳባ" አለች፣ አያቴ። ልጆቹ ሳቁ። ኤላ "ውሸታም፣ ሳባ አይችልም" አለቻት። መምህሯም ፈገግ ብላ "ሳቭታሽ ማለትሽ ነው አይደል?" አለቻት፣ ሴት አያትሽ። ከሁሉ የባሰው የመምህሯ ነው።

ይህን ሁሉ መኪና ውስጥ ለደባሱ ነግራዋለች። "ነገ ግባና ንገራቸው" ብላዋለች። እሱ ምን እንዳላት አላወቅሁም። እራት አልበላም። እጁን ጠረጴዛው ላይ ዘርግቶ ተቀመጠ።

"ለልጅሽ ንገሪው" አለ በኋላ። "ያሳየው።"

"ምን?"

"ፊቴ አይታይ። ስሜም አይጻፍ። ግን ያሳየው። ልጅቷ ውሸታም አይደለችም።"

ረቡዕ፣ ፌብሩዋሪ 4

ሲቫን ወለደች። ሴት። ሁለቱም ደህና ናቸው። ደባሱ ሆስፒታል ሕፃኗን ይዞ መጀመሪያ ያየው አናቷን ነው። "ጸጉር አላት" አለ። ወደ እኔ አላየም።

ከሆስፒታል ስንወጣ ጥበቃውን በጁ ሲሰናበተው ነው ድንገት የመጣልኝ።

ጣቱ።

የቀኝ እጁ ሌባ ጣት ከመሃል የለም። ይሠራበት የነበረው ፋብሪካ ማሽን ከወሰደው ስንት ዘመኑ። ቂርያት ማላኪ ውስጥ ያን ጣት የማያውቅ ማን አለ? በሽምግልና ሰው ሲገሥጽ የሚቀስረው እሱን ነው። ፊት አይታይም ብለን... ፊቱን ቢያሳይ ይሻል ነበር።

ኦፌክ ጋ ደወልኩ። "ጣቱስ?"

"የምን ጣት?"

"የአባትህ ጣት።"

"ኢማ... እኔ ስወለድም እንደዚያ ነው። ረስቼው ነው። እንደ ጎደለ አድርጌ አይቼው አላውቅም።"

ደባሱም ረስቶታል። ምን ላድርግ? ብነግረው ነገ አይታይም፣ ልጁ ዓመቱን ይደግማል፣ ሊያንም ውሸታም ሆና ትቀራለች። ባልነግረው ሰው ሁሉ ፊት... አንዱ ጎኔ ተይው፣ ይታይ ይላል። ቆሞ ያንቀላፋው ጎኔ።

ዓርብ፣ ፌብሩዋሪ 6

የትላንቱን ልጻፍ። በቅደም ተከተል።

ነገርኩት። መኪና ውስጥ፣ ጋን ያቭነ የምትባለው ከተማ መግቢያ ላይ። ከዚያ በላይ ይዤው መሄድ አልቻልኩም። ውብዳርና ሊያን ከኢታይ ጋር ቀድመው ሄደዋል።

ነዳጅ ማደያው ጋ ገብቶ ቆመና ወረደ። ዝናብ አጥቦ የጨረሰውን መስታወት በጨርቅ ጠረገ። የፊቱን ጠረገ፣ የኋላውን ጠረገ። መብራቶቹንም ጠረገ። ወደ ቤት ይመለሳል ብዬ ደመደምኩ። ገባና ቀበቶውን አሠረ።

"ፊቴ ግን አይታይም፣ አይደል?"

"አይታይም።"

"እሺ፣ ቤሰደር። ያላ፣ እንሂድ።"

አዳራሹ ሞልቷል። ለካ የኛው ሰፈር ሽማግሌዎች ሁሉ መጥተዋል፣ ከነሚስቶቻቸው... የኦፌክን ጉድ ሊያዩ። አያ ጓዴ ከኋላችን ተቀመጡ። አጠገባቸው ደግሞ ሌላው ሽማግሌ አያ ይርሳው። ከኦፌክ በፊት የሌሎች ተማሪዎች ፊልም ነበር። በአንዱ ላይ ግማሽ ራቁቱን የሆነ ሰው የወታደር ጫማ በወተት ያጥባል። ምን ማለት እንደሆነ ማንንም አልጠየቅሁም። ውብዳር "ወተቱ ስንት ሊትር ይሆናል?" አለችኝ።

ከዚያ የኛ መታጠቢያ ቤት መጣ። የደባሱ እጅ ግድግዳውን ሞላው። ጣቱ የበር ያህል ሆኖ ወጣ።

አዳራሹ ወደ ደባሱ ዞረ። ሁሉም። የወንበሩ ሲጥሲጥታ ሳይቀር ይሰማ ነበር። ደባሱ ሁለት እጁን ብብቱ ሥር ሸጉጦ ቀጥ ብሎ ወደ ፊት ያያል። ላብ ከጆሮው ሥር ሲወርድ አየሁ። እጁን ልይዘው ፈለግሁ... ግን የተሸጎጠ እጅ እንዴት ይያዛል?

አሁን አንድ ሰው ይስቃል፣ ከሳቀ አለቀ ብዬ ጠበቅሁ።

"ከግንባር አይደለም የሚጀመረው።"

አያ ጓዴ ናቸው። ድምፃቸው እንደ ሸንጎ።

"ከማጅራት ነው። ከግንባር ከጀመርከው መጨረሻው ይላላል።"

"ምን ማጅራት አመጣህ?" አሉ አያ ይርሳው። "መሃሉን ከፍለህ ነው ወደ ጎን የምትወርደው። ያኔ አይላላም።"

"እሱ የናንተ አገር ነው። ደሞ እርጥብ ካላደረግኸው..."

"ሚዶውን በጥርስህ ትይዛለህ፣ በአውራ ጣትህ ታጠብቃለህ..."

ሁለት ሽማግሌ፣ እጃቸውን አየር ላይ አንሥተው፣ ያልተቀመጠች ልጅ ጸጉር እየጎነጎኑ። አንድ ሦስተኛ ሽማግሌም ከጥግ ተነሥቶ "ቅቤውስ?" አለ። ከዚያ ሦስቱም ባንዴ ዝም አሉ። ሚስቶቻቸው እያዩዋቸው ነበር።

"አንቱ" አሉ የአያ ጓዴ ባለቤት፣ ቀስ ብለው። "ይህን ከየት አወቁ?"

"ሲወራ... ሰምቼ።"

ሴቱ ሁሉ ሳቀ። ደስ ያለው ሳቅ ብቻ አልነበረም እሱ። ስንታችን ነን ቆመን ያንቀላፋነው?

ደባሱ እጁን ከብብቱ አወጣ። ዞረ። በዚያው ባጠረው ጣቱ ወደ አያ ጓዴ አመለከተ።

"ከማጅራት ለትልቅ ሰው ነው አያ ጓዴ። ለልጅ ከግንባር ነው። አለዚያ ታለቅሳለች።"

አያ ጓዴ ዱላቸው ላይ ተደግፈው ጥቂት አሰላሰሉ።

"ለልጅስ... እውነት ነው" አሉ።

ሊያን ከፊት ወንበር ላይ ቆማ "አልኳችሁ አይደል" አለች በዕብራይስጥ፣ ኤላ እዚያ ያለች ይመስል።

ኋላ ኦፌክን መድረክ ላይ አውጥተው አስተማሪው ስለ ወንድነት ምን ማለት እንደፈለገ ጠየቀው። "ረዥም ነገር አዘጋጅቼ ነበር" አለ። "አያ ጓዴ ቀደሙኝ።"

በሩ ላይ አባትና ልጅ ተገናኙ። እኔ መሃል ነበርኩ፣ እንደ ልማዴ አፌን ልከፍት ስል ደባሱ በእኔ አናት ላይ አሻግሮ ተናገረ።

"ድምፁን የት አደረስከው? እያንጎራጎርኩላት ነበር እኮ።"

"አልተሰማም አባ። ከውጭ ነበርኩ።"

"ታዲያ አንኳኩተህ አትገባም ነበር?"

እኔም ዘወር አልኩላቸው።

ስንመለስ ውብዳር ከኋላ ወንበር ላይ ነበረች። "ሟቹ ባሌም ያውቅ ይሆን ነበር?" አለች። ሻሿን አስተካከለች።

እሑድ፣ ፌብሩዋሪ 8

አይናለም ጽሑፉን ትጠይቃለች። ሽማግሌዎቹን በስማቸው ጥሪልኝ ትላለች። የሰርግ አዳራሾቹን ያዢ አልኳት። ይህን ለሰው ለማውራት ገና አልበረደልኝም።

ተናደድሽብኝ ወይ አለኝ ደባሱ። አዎ አልኩት። እስከ መቼ አለኝ። እኔ እንጃ አልኩት።

ማክሰኞ፣ ፌብሩዋሪ 17

ፀሐይ ወጣ። ሲቫን ቤቷ ገብታለች፤ እስክትጠነክር ሊያን እኛ ጋ ትቆያለች።

ደባሱ ጠዋት ባልዲውን ገልብጦ በረንዳ ላይ አስቀመጠው፣ መኪና ማቆሚያው ፊት። አያ ጓዴ ከማዶ በረንዳ "ላላ፣ ላላ" ይሉታል። "ዓይንዎ ነው የላላው" ይላቸዋል። እኔ አልጋዬ ላይ ሆኜ ሰማኋቸው። በዚህ ሰዓት አልጋ ላይ... መቼ ነበር?

ኦፌክ ሌላ ከረጢት ልብስ ይዞ መጣ። ማሽኑን አሳየሁት። ሳሙናውን የት እንደሚጨምር ጠየቀኝ። አባቱ ከበረንዳ ሆኖ "በግራ በኩል ነው" አለው። እሱንም ያውቃል ማለት ነው። ተናድጄ አልጨረስኩም።

ቀትር ላይ ጄሶውን ፈቱልኝ። ሐኪሟ አገላብጣ አየችና "ድኗል፣ እንደ ልብሽ ሥሪበት" አለች። ጨርቅ ማሠሪያም ሰጠችኝ፣ ካልፈለግሽው ጣይው ብላ። አልጣልኩትም። አሠርኩት።

"እንዴት ሆነ?" አለኝ ደባሱ።

"ገና ነው።"

"እንግዲህ አትቸኩይ" አለ፣ ሚዶውን እያጠበ።

ማታ ወጥ ቤት የወይራውን ጠርሙስ በሁለት እጄ ጠምዝዤ ስከፍት ሊያን በሩ ላይ ቆማ ነበር። እጄን አየች። ክዳኑን አየች።

"ሳቭታ፣ እጅሽ ድኗል።"

ጣቴን ከንፈሬ ላይ አደረግሁ።

"ሶድ" አልኳት።